ሰገን ከመሄዷ በፊት ተመለሰች

የስምንተኛ ክፍል የታሪክ መጽሐፍ ስለዚያ ዘመን ዘጠኝ መስመር ጽፏል። ቆጥሬዋለሁ። «የዘመን ባሕር ኃይሎች ወቅት ከ2071 እስከ 2098 ዓ.ም. የቆየ ሲሆን፣ ልዩ ልዩ አገሮች በጊዜ ውስጥ የሚጓዙ መርከቦችን አሰማርተው ዓመቶቻቸውን ያስጠበቁበት ነው» ይላል። ቀጥሎ የመርከብ ሥዕል አለ። ከሥዕሉ ሥር ደግሞ «በአካባቢያችሁ የሚገኙ የባሕር ኃይሉን አርበኞች ጠይቃችሁ ጻፉ» የሚል የቤት ሥራ አለ። እስካሁን ማንም መጥቶ አልጠየቀኝም። ስለዚህ ሳልጠየቅ እጽፋለሁ።

እኔ አርበኛ አይደለሁም። መርዶ ነጋሪ ነበርኩ። በደብዳቤ ላይ ማዕረጌ «የቤተሰብ ማሳወቂያ ክፍል ከፍተኛ ባለሙያ» ይባላል፤ ሻላ ወደብ ውስጥ ግን ቢሮዬን ከመርዶ ክፍል ሌላ ስም የሚጠራው ሰው አልነበረም። እዚያ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሠርቻለሁ። ስሜ ኢዮስያስ ነው። በኛ ጊዜ ወላጅ ሁሉ ልጁን ከመጽሐፍ ቅዱስ እየፈለገ ይሰይም ስለነበር አንድ ክፍል ውስጥ ሦስት ኢዮስያስ ሆነን ተምረናል። እኛ ደግሞ በተራችን የቅድመ አያት ስም ፋሽን ሆነብንና ልጄን ዘርፈሽዋል አልኳት። ዘርፌ ነበር የምላት።

ባሕር የለንም ብለን መቶ ዓመት ያህል ስንቆጭ ኖረን፣ ባሕሩ በሌላ ቦታ ሳይሆን በሌላ ጊዜ ተገኘልን። ለዚህ ዓይነቱ ጉዞ ጥልቅ ውሃ ብቻ ይበቃል ተባለ፤ ሻላ ሐይቅ ደግሞ ጥልቅ ነው። በአምስት ዓመት ውስጥ፣ ከፍል ውሃውና ከፔሊካኑ በቀር ምንም ያልነበረበት ዳርቻ ከተማ ሆነ። መርከቦቹ ወደ ኋላ እየሄዱ ዓመቶቻችንን ይጠብቁ ነበር፤ ሌሎች እንዳይነኩብን። አንድ ጊዜ እስካሁን የትኛው ዓመት እንደዳነ አንድ መኮንን ጠየቅሁት። «የተጠበቀ ዓመት ምንም ሳይሆን ስለሚቀር መጠበቁ አይታወቅም» አለኝ። ነገሩ ሲገባኝ ጊዜ ወሰደብኝ፤ ከገባኝ በኋላም አልተዋጠልኝም።

መርከቦቹ የሚመለሱት ከመሄዳቸው በፊት ነበር። ለምን እንደሆነ መሐንዲሶቹ ያውቃሉ፤ እኛ ለምደነው ነበር። አንዲት መርከብ እሑድ ልትነሣ ቀለም እየተቀባች ሳለ፣ አሥራ ሁለት ቀን ሲቀራት፣ ማክሰኞ ጠዋት፣ ያቺው መርከብ ራሷ በሐይቁ ምሥራቅ በኩል ተቧጭራና ጠቁራ ትመጣለች። የመጣችዋ ከወደቡ ግንብ ጀርባ ትቆማለች። ሰዎቿ ከራሳቸው ጋር መንገድ ላይ እንዳይገናኙ ማቆያ ይገባሉ፤ የሚወጡት ሂያጇ መርከብ ከተነሣች በኋላ ነው። ስለዚህ ሚስት ባሏን በአንዱ በር ሸኝታ፣ ግማሽ ሰዓት ሳይሞላ በሌላው በር ትቀበለዋለች። በጉ የሚታረደው ከሽኝቱ በፊት ነው። ሰውየው ገና ሳይሄድ የመመለሻው ወጥ ምድጃ ላይ ይንተከተካል። ለብዙው ቤት የባሕር ኃይል ኑሮ ይኸው ነበር።

በሌላው በር የሚቀበሉት የሌላቸውም ነበሩ። ያልተመለሱት ስም በዚያው ማክሰኞ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ በዝርዝር ይወጣል። ዝርዝሩ ሲወጣ ሰዎቹ በሕይወት አሉ። ወይ መርከብ እየቀቡ ነው፣ ወይ ካርታ እየተጫወቱ፣ ወይ ለእሑድ ሸሚዝ እየተኮሱ።

እናቶች ሰልፍ ከወጡበት ዓመት በኋላ ምክር ቤቱ አንድ ሕግ አወጣ። ዝርዝሩ በወጣ በሰባ ሁለት ሰዓት ውስጥ የቅርብ ዘመድ ቀርቦ «አይሄድብኝም» ብሎ ከፈረመ፣ መርከበኛው ይቀራል። መርከበኛው ራሱ መፈረም አይችልም፤ ጭራሽ ማወቅም የለበትም። ማወቁ ከተደረሰበት ቤተሰቡን አስገድዷል ተብሎ ፊርማው ይፈርሳል። ደግሞም ስም ይቀየራል እንጂ ቁጥር አይቀየርም። ሰባት ሰው ሳይመለስ ቀርቶ ከሆነ ሰባት ሰው አይመለስም፤ በተፈረመለት ቦታ ከተጠባባቂዎቹ አንዱ ይሳፈራል። ሰባ ሁለቱ ሰዓት ሲሞላ ዝርዝሩ ይታሸግና የወደቡ ጡሩምባ አንድ ጊዜ ይነፋል። ከዚያ በኋላ ንጉሥ ቢለምን አይከፈትም።

የሕጉ ተንኮል ያለው ግን የመጨረሻው አንቀጽ ላይ ነበር። «ማሳወቂያው የሕዝቡን ባህል ባከበረ መንገድ በእድር በኩል ይደርሳል» ይላል። ባሕር ኃይሉ ይህን አንቀጽ በየመድረኩ ያወድሰው ነበር። ያረቀቀው ሰው የኛው ሰው ነው፤ አሳምሮ ያውቀናል። የኛ ሰው በሦስት ቀን መርዶ አይነግርም። ወንድሟ ከነቀምት እስኪደርስ ይባላል። ልጅቷ ፈተናዋን ትጨርስ፣ በዓሉ ይለፍ፣ ደም ግፊት አለባት፣ የንስሐ አባቷ ይምጡ ይባላል። ፖስታውን ለእድሩ ሽማግሌዎች ሰጥቼ «ኧረ ሰዓቱ» ስል እንደ ባለጌ ያዩኝ ነበር። «እናት እኮ ናት! እንዲህ በቁሟ ዱብ እናድርግባት?» ይሉኛል። በአሥራ ዘጠኝ ዓመት ውስጥ በሰዓቱ ደርሶ የፈረመ አራት ሰው ነው።

መጀመሪያ መጀመሪያ እሟገት ነበር። በኋላ ተውኩት። ከዚያም ብሶ አሰልጣኝ ሆንኩ፤ መርዶ እንዴት እንደሚነገር መመሪያ የጻፍኩት እኔ ነኝ። ያ ሁሉ ሳያንስ ደግሞ ጉራ ጀመርኩ። ከአራቱ ፈራሚዎች አንዷ ልጇን ካስቀረች በኋላ በሱ ቦታ የሄደው ተጠባባቂ እናት እዚያው ሰፈር ነበረችና፣ ሁለቱ ሴቶች በአንድ ቧንቧ ውሃ መቅዳት አልቻሉም። ይህን ታሪክ ሳወራ ሁልጊዜ የምጨርሰው በአንድ ቃል ነበር፦ «እኔ ብሆን አልፈርምም። የሰው ልጅ አሳልፌ ለልጄ ዕድሜ አልገዛም።» ቢሮ ውስጥ ብያለሁ። እድር ላይ ብያለሁ። ዘርፌ የመርከብ ሞተረኛ ሆና ስትቀጠር በምሳ ገበታ ላይ ለራሷም ብያታለሁ። አፍ ሲከዳ ከሎሌ ይብሳል።

በ2094 ዓ.ም. ሚያዝያ ውስጥ ሰገን የምትባለው መርከብ ልትሄድ ተዘጋጀች። ዘርፌ ሰገን ላይ ነበረች። ሃያ ስድስት ዓመቷ ነው። እናቷ ከሞተች ሁለት ዓመት አልፎ ነበርና ከኔ በቀር የሚፈርምላት ሰው አልነበረም።

ማክሰኞ ጠዋት ተመላሿ ሰገን ገባች። ፖስታውን ሁልጊዜ የምከፍተው እኔ ነኝ። የዚያን ቀን ግን ሦስት ሰዓት ተኩል ላይ አለቃዬ ወይዘሮ ሶልያና አስጠራችኝ። ቆማ ነበር የጠበቀችኝ።

«ሀዋሳ የአዲስ እድር ሊቀመንበሮች ስልጠና አለ። አሰልጣኙ ታመመብን። እባክህ አንተ ድረስላቸው፤ መኪናው በር ላይ ነው።»

«ዝርዝሩስ?»

«ሀብትነሽ ትይዘዋለች።»

ሀብትነሽ የመዝገብ ቤት ሠራተኛችን ናት። ስወጣ ኮሪደር ላይ አገኘኋትና «ደህና ዋይ» ስላት ቀና ሳትል «ደህና ይግቡ» አለችኝ። ሥራ በዝቶባት ነው ብዬ አለፍኩ።

በማግስቱ ከሀዋሳ ደወልኩ።

«ስንት ናቸው?»

«ሰባት» አለች ሶልያና።

«የማን የማን ቤት ነው?»

«ጋሽ ኢዮስያስ፣ በስልክ ስም አይጠራም። መመሪያው ላይ አለ።»

«መመሪያውን የጻፍኩት እኔ ነኝ እኮ።»

«እኮ!» አለችና ሥራ አለብኝ ብላ ዘጋችው።

የኔ ብትኖርበት ይነግሩኝ ነበር ብዬ አሰብኩ። አብረን አሥራ ዘጠኝ ዓመት ፖስታ ስንከፍት የኖርን ሰዎች ነን፤ ከኔ ማን ይደብቃል? የዚያን ዕለት ደህና እንቅልፍ ተኛሁ። ያንን እንቅልፍ እስከ ዛሬ ለራሴ ይቅር አላልኩም።

ለአርባ ሁለት የእድር ሊቀመንበሮች ያስተማርኩትን ልንገራችሁ። ሰውየው ከቤቱ ሳይወጣ፣ ጎሕ ሲቀድ ሂዱ አልኳቸው። ከአምስት አትነሡ። ከሥጋ ዘመድ አንድ ሰው መካከላችሁ ይኑር፤ ከሌለ ከሌላ አገርም ቢሆን አስመጡ። ከዋዜማው ግቢውን አስጠርጉለት፣ ውሃ አስሞሉለት፣ ያለ ምክንያት እንዳይመስለው ምክንያት አበጁ። አንዱ ከኋላ እጁን አወጣና «ጌታዬ፣ ሰባ ሁለቱ ሰዓት ቢያልፍስ?» አለኝ። ፈገግ አልኩ። «ሰዓት ለመርከብ ነው፤ ሰው ልብ አለው» አልኩት። አጨበጨቡልኝ።

ሐሙስ ወደ ማታ ቤቴ ገባሁ። ግቢው ተጠርጓል። በርሜሉ እስከ አፉ ሞልቷል። ጎረቤቴ እትዬ ኤልዳና ትኩስ ሽሮ በሳህን ይዛ መጣችና «መንገድ አድክሞሃል» አለችኝ። ለሦስት ቀን ተለይቻቸው ናፍቄያቸው ነው ብዬ ደስ አለኝ። ዓርብ ጠዋት ቢሮ ልሄድ ስነሣ ሶልያና ደውላ «ዛሬ እረፍ፣ ብዙ ለፍተሃል» አለችኝ። ዕረፍት ሰጥታኝ አታውቅም። እሱንም ደስ ብሎኝ ተቀበልኩ። የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው ማለት እኔ ነኝ።

ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ ፀጉር ቤት ነበርኩ። እሑድ ሳምንት ልጄን ልሸኝ ስለሆነ ጢሜን አስተካክል ብዬው፣ ማቲያስ አገጬን በሳሙና ሸፍኖ ምላጩን እንዳነሣ የወደቡ ጡሩምባ ነፋ። አንድ ጊዜ፣ ረዥም። ዝርዝሩ ታሸገ ማለት ነው።

«አለቀ» አልኩ። «ሰባት ናቸው። እግዜር ቤተሰባቸውን ያጽናና።»

ማቲያስ ምላጩን እንደያዘ ቀረ። በመስተዋቱ አየሁት፤ አንገቴን እንጂ ዓይኔን አያይም።

«ምነው? ሳሙናው ደረቀ እኮ» አልኩት።

«አቤት ጋሼ፣ እሺ» አለና መላጨቱን ቀጠለ። ሁለት ቦታ ቆረጠኝ። አርጅተሃል ብዬ ቀለድኩበት።

ከሰዓት በኋላ ታላቅ እህቴ ከደብረ ማርቆስ መጣች። እታለም ነው የምላት። ጉልበቷን ፍል ውሃ ልትነክር እንደመጣች ነገረችኝ። ጉልበቷን እውነትም ያማታል። በልቼ እስክጨርስ ፊት ለፊቴ ቁጭ ብላ አየችኝ፤ ያን ያህል ጊዜ ዓይኗን ሳትነቅል ያየችኝ ሕፃን ሳለሁ ብቻ ሳይሆን አይቀርም።

«ዘርፌ ደህና ናት?» አለችኝ።

«ምን ትሆናለች! መርከብ ስትቀባ እጇ ሁሉ ግራጫ ሆኗል።»

እታለም ውሃ ልጠጣ ብላ ወጣች። ቆየች።

ቅዳሜ ጎሕ ሲቀድ የግቢው በር ተንኳኳ። ከፈትኩ። የእድራችን ሊቀመንበር አቶ ናሆም ከፊት ናቸው፤ ጋቢያቸውን አጣፍተዋል። ሶልያና አለች፣ ሀብትነሽ አለች፣ ማቲያስ አለ፣ ኤልዳና አለች። እህቴ ከኋላዬ መጥታ ክንዴን ያዘችኝ። ቁጥራቸውን ሳየው ነው ያወቅሁት። ከአምስት አላነሱም፤ ከሥጋ ዘመድም አንድ አለች። መመሪያው የኔ ነው።

አቶ ናሆም አፋቸውን ሊከፍቱ ሲሉ ቀደምኳቸው።

«ትናንት ነበር አይደል? ጡሩምባው የሷ ነበር አይደል?»

«ኢዮስያስ ልጄ፣ መጀመሪያ እንቀመጥ…»

«ሰዓቱ አልፏል ወይ ነው ያልኳችሁ!»

ሶልያና መሬት መሬቱን ታያለች። ጮኼ ልወድቅ ስል ማቲያስና ኤልዳና ደገፉኝ፤ እህቴ በነጠላዋ አፌን ሸፈነችው። ጥላቻ አይደለም፤ ደንብ ነው። በሕይወት ላለ ሰው ድምፅ አውጥቶ ማልቀስ በወደቡ ክልል የተከለከለ ነበር፤ መርከበኛው ሰምቶ እንዳያውቅ። ሻላ ወደብ ውስጥ ለቅሶ ቤት የሚለየው በሬዲዮ ነው። ጠዋት በማለዳ ዘፈን የሚያስጮህ ቤት ካለ ሰው ሞቶበታል ማለት ነው። ኤልዳና ገብታ የኔን ሬዲዮ እስከ መጨረሻው ከፈተችው። የሠርግ ዘፈን ነበር የመጣው። በሠርግ ዘፈን ውስጥ ተቀምጠን አለቀስን።

ቀትር ላይ ሶልያናን ጓሮ ወሰድኳት።

«ማክሰኞ ሦስት ሰዓት ላይ አውቀሻል።»

«አውቄያለሁ።»

«ሰባ ሁለት ሰዓት ሙሉ።»

«ልብህ ውስጥ ብረት አለ፤ ሐኪሙ ያለህን አልረሳሁትም። ብቻህን እንዳለህ እንዴት ልንገርህ? እህትህ እስክትመጣ አልን፤ መንገዱ በጎርፍ ተዘግቶ ሁለት ቀን ፍቼ ላይ አደረች።» ዓይኗ ቀልቷል። «ሀብትነሽ ሐሙስ ማታ እንንገረው ብላ ለምናኛለች። እውነቱን ልንገርህ፤ እምቢ ያልኩ እኔ ነኝ።»

«ለምን?»

«አትፈርምማ! ስንት ጊዜ ነው የነገርከን? የሰው ልጅ አሳልፌ አልሰጥም አላልክም? ላትፈርመው ነገር ሦስት ቀን ከራስህ ጋር ከምትታገል፣ አልቆ ብትሰማው ይሻላል አልኩ። ካንተው የተማርኩትን ነው ያደረግሁት።»

«እፈርም ነበር» አልኳት።

ቀና ብላ አየችኝ።

«ሰምተሻል? እየሮጥኩ ነበር የምፈርመው። የማንም ልጅ ይሂድ፣ ያንቺም ልጅ ትሂድ፣ እፈርም ነበር!»

ለራስ ሲቆርሱ አያሳንሱ፤ ያ ሁሉ ስብከት የሰው ዳቦ ሲቆረስ ነበር። ሶልያና እጇን አፏ ላይ አድርጋ አለቀሰች። ልጠላት ሞክሬ አልቻልኩም። እኔ ለሰው የሠራሁትን ነው ለኔ የሠራችው፤ ሦስት መቶ ያህል ቤት እንዲህ አድርጌያለሁ።

ሰኞ ወደ ወደቡ አዛዥ ሄድኩ። ሻይ አዘዘልኝ። ዝርዝሩ ታሽጓል አለኝ። እኔ በሷ ቦታ ልሂድ አልኩት፤ ዕድሜዬን ከፋይሌ ላይ አነበበልኝ። ልያት አልኩት፤ ከታሸገ በኋላ ሠራተኞቹ እስከ መሸኛው ቀን ከወደቡ አይወጡም አለኝ። ስነሣ እጄን ጨበጠና «የባህላችን ጥንካሬ እንዲህ ባለው ቀን ነው የሚታየው» አለኝ። ሻዩን አልጠጣሁትም። ያ ብቻ ነው ያደረግሁት ተቃውሞ።

እስከ እሑድ ድረስ አንድ ነገር ብቻ ሳወጣና ሳወርድ ከረምኩ፤ ልንገራት ወይስ አልንገራት። ብነግራት ምን ታደርጋለች? ዘበኛ ይይዛታል፣ እጇ ታስሮ ትሳፈራለች። ባልነግራት ግን ሳቅ ብላ ትሄዳለች። እህቴ «አደራህን፣ እየሳቀች ትሂድ» አለችኝ። እኔም ተስማማሁ። በነዚያ ሁሉ ሰዎች ስናደድ ሰንብቼ፣ ልጄ ዘንድ ስደርስ እኔም ደባቂ ሆንኩ። በመሸኛው ዋዜማ ከመስተዋት ፊት ቆሜ ፈገግታ ስለማመድ እህቴ አይታኝ ፊቷን አዞረች።

የመሸኛው ቀን ፀሐያማ ነበር። ቤተሰቦች በሐይቁ ዳር በግራሮቹ ሥር ምንጣፍ አንጥፈው ለግማሽ ሰዓት ከሠራተኛው ጋር ይቀመጣሉ። የብዙው ቤት ፊት ይስቃል፤ ዞረው የሚቀበሉት ሰው ከግንቡ ጀርባ አለ። በጎቹ ታርደዋል። ዘርፌ ንጹሕ ዩኒፎርም ለብሳ መጣች። እጇ ላይ ያለው ቀለም አልለቀቀም። አቀፈችኝ፣ እታለምን ጉልበቷን ሳመች፣ ተቀመጠች። ያመጣንላትን ዱለት እያደነቀች በላች። እኔ ፈገግ ብዬ ስለ ቧንቧ ብልሽት አወራሁላት።

ከዚያ «እታለም፣ እስቲ ለአንድ አፍታ» አለቻት። እህቴ ተነሥታ ራቅ አለች።

«አባዬ፣ ጮክ ብለህ አታልቅስ እሺ? ዘበኛው ያየናል።»

«ምን ሆነሽ?»

«አውቄያለሁ። ማክሰኞውኑ ነው ያወቅሁት።»

ረጋ ብላ ነገረችኝ። ማቆያ የገቡት ሰዎች ልብስ የሚታጠበው በዋናው እጥበት ቤት ነው። አንገቱ ላይ የእያንዳንዱ ሰው ቁጥር የተሰፋበት ነው። ማክሰኞ ከሰዓት እሷና ጓደኛዋ ማንጠግቦሽ የሥራ ቱታቸውን ሊያስረክቡ ሄደው ከተመላሿ መርከብ የመጣውን ክምር አዩ። ማንጠግቦሽ የራሷን ቁጥር አገኘች። ዘርፌ ክምሩን ሁለት ጊዜ ገለበጠችው።

«ታዲያ ለምን አልላክሽብኝም? አንድ ቃል! በማንም በኩል!»

«መርከበኛው ካወቀ ፊርማው ይፈርሳላ። አንተ አይደለህ ያስተማርከኝ? ዝርዝሩን ከሁሉ በፊት የምታየው አንተ ነህ። አባዬ ያውቃል፣ ዝም ልበልለት፣ አላበላሽበት አልኩ።» ሣር ነጭታ በጣቷ ጠቀለለች። «ረቡዕ ጠበቅሁ። ሐሙስም ጠበቅሁ። የጥሪ ድምፅ ማጉያው በተናገረ ቁጥር የኔን ስም የሚጠራ ይመስለኝ ነበር። ዓርብ ጡሩምባው ሲነፋ ሞተር ሥር ተኝቼ ቡሎን እያጠበቅሁ ነበር። ያን ጊዜ ገባኝ።»

«ምኑ ነው የገባሽ?»

«ያልከውን ማድረግህ ነዋ። የሰው ልጅ አሳልፌ ለልጄ ዕድሜ አልገዛም ብለሃል። መጀመሪያ በጣም ተናድጄብህ ነበር፤ አልዋሽህም። ሁለት ቀን እህል አልበላሁም። ከዚያ ማነው በኔ ቦታ የሚሄደው ብዬ ተጠባባቂዎቹን አየኋቸው። አንዷ ልጅ አላት።» ቀና ብላ አየችኝ። ዓይኗ እንባ ሞልቷል፤ ፊቷ ግን ያስፈራ ነበር፣ ያን ያህል ረግቷል። «አሁን አልተቀየምኩህም። እንዲያውም ኮርቼብሃለሁ። ይህን ሳልነግርህ እንዳልሄድ ብዬ ነው።»

«ዘርፌ፣ አላወቅሁም።»

«አባዬ…»

«አላወቅሁም! ደበቁኝ። ሀዋሳ ላኩኝ። ዝርዝሩ በታሸገ ማግስት፣ ቅዳሜ ነው የነገሩኝ። ባውቅ እፈርም ነበር፤ በእናትሽ አጥንት፣ እየሮጥኩ ነበር የምፈርመው!»

ፈገግ አለች። ትንሽ ልጅ ሳለች የሌለ ሰበብ ሳበጅላት የምታየኝ አስተያየት ነው። እንባዬን በመዳፏ ጠረገችልኝ።

«መርዶ ነጋሪው አላወቀም?»

«አላወቅሁም።»

«እሺ፤ አላወቅህም።» ግንባሬን ሳመችኝ። «ይህን የምትለው እንዳይከፋኝ መሆኑን አጥቼው አይደለም። ደግ ነህ። እናቴን ግን አትማልባት።»

ደወሉ ተደወለ። እታለም እየሮጠች መጥታ አቀፈቻት። ሬዲዮ አልነበረንም፤ ነጠላዋን ነክሳ ነው የተሰናበተቻት። እኔ እጇን ይዤ «ስሚኝ፣ እመኚኝ» ስል ዘበኛው ቀስ አድርጎ ጣቶቼን አላቀቃቸው። አከበረኝ፤ ሁሉም ያከብረኝ ነበር።

ሠራተኞቹ በመሰላሉ መውጣት ጀመሩ። ዘርፌ ከማንጠግቦሽ ኋላ ነበረች። እላይ ሲደርሱ ወደ ጆሮዋ ጠጋ ብላ የሆነ ነገር ነገረቻትና በጣቷ ወደኔ አመለከተች። ማንጠግቦሽ ዞር ብላ ፈለገችኝ። አገኘችኝ። ተረከዟን አጋጥማ፣ ቀጥ ብላ ቆማ፣ እጇን ግንባሯ ላይ አድርጋ ወታደራዊ ሰላምታ ሰጠችኝ። ዘርፌም ከጎኗ እንደዚያው አደረገች።

ሰው ሁሉ ማነው ብሎ ወደኔ ዞረ። ከግራር ሥር ካሉት አንዳንዶቹ ተነሡ። እንዲያ አይደለም ብዬ ልጮህ አየር ስቤ ነበር። ልጄ ግን እጇን ከግንባሯ ሳታወርድ እየጠበቀችኝ ነበር። እኔም እጄን አንሥቼ ሰላምታውን ተቀበልኩ።